ተፈርዶልኝ ካልከፈለኝ ማሳሰር እችላለሁ? ስለ ፍርድ አፈጻጸምና ስለ ችሎት መድፈር

ባለፈው ሰሞን ማታ ላይ አንዲት ጎረቤታችን በራችንን አንኳኩ። እትዬ ነው የምንላቸው። ልደታ አካባቢ አብረን ስንኖር ብዙ ዓመት ሆኖናል። በእጃቸው ፌስታል ይዘዋል። ፌስታሉ ውስጥ ስድስት ገጽ ወረቀት አለ፤ አራት ቦታ ከመታጠፉ ብዛት ማጠፊያው ላይ ሊበጠስ ደርሷል። በየገጹ ክብ ማኅተም ተመቶበታል። የፍርድ ግልባጭ ነው።

እትዬ ሜክሲኮ አካባቢ አንድ ምግብ ቤት ውስጥ ስምንት ዓመት ወጥ ሠርተዋል። ገበያው ሲቀዘቅዝ ባለቤቱ «ሳምንት፣ ከዚያ ወር» እያለ የሁለት ወር ደሞዝ ሳይከፍል አሰናበታቸው። ከሰሱ፣ ረቱም። ወረቀቱን ጠረጴዛ ላይ ዘርግተን አብረን ደመርነው። ደሞዛቸው በወር 6,000 ብር ነበር። ያልተከፈለው ደሞዝ 12,000። የስንብት ክፍያው 20,000። ያልተወሰደ የዓመት ፈቃድ 3,500። ክፍያው ስለዘገየ ዳኛው የጨመሩት ደግሞ 6,000። ጠቅላላ 41,500 ብር። ፍርዱ ከተሰጠ ሰባት ወር አልፎታል።

«ልጄ፣ ሰውየው ዳኛው ፊት እሺ ብሎ ወጥቶ እስካሁን አንድ ብር አልሰጠኝም። ይሄ ችሎት መድፈር አይደለም እንዴ? ለምንድን ነው የማይታሰረው?»

ይህን ጥያቄ ብዙ ሰው ሲጠይቅ ሰምቻለሁ። ልደታ ፍርድ ቤቱ ዙሪያ፣ ራፖር ጸሐፊዎቹና ፎቶ ኮፒ ቤቶቹ ያሉበት ጋ ቆም ብትሉ በአንድ ሰዓት ውስጥ ሦስት አራት ጊዜ ትሰሙታላችሁ። መልሱ ደግሞ በአንድ ቃል አያልቅም። ስለዚህ ከመጀመሪያው እንያዘው።

ችሎት መድፈር የሚባለው ምኑ ነው?

ድሮ መንገድ ላይ ሁለት ሰው ሲጣላ አንዱ «በሕግ አምላክ!» ካለ ሌላው ባለበት ይቆም ነበር። ዱላ የሰነዘረ እጅ እንኳን አየር ላይ ይቀር ነበር ይባላል። በሕግ አምላክ ተብሎ ያልቆመ ሰው ጥፋቱ ከባላጋራው ጋር ብቻ አይደለም፤ ሕጉን ራሱን ደፍሯል። ችሎት መድፈር የሚለው ሐሳብ ከዚህ ብዙም አይርቅም። የተጎዳው ከሳሽ ወይም ተከሳሽ ሳይሆን የፍርድ ቤቱ ሥልጣን ነው።

በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ አንቀጽ 449 ጉዳዩን በግልጽ ያስቀምጠዋል። ችሎት ላይ ዳኛን የሰደበ፣ ያላገጠበት፣ ያስፈራራ ወይም የፍርድ ቤቱን ሥራ በሌላ መንገድ ያወከ ሰው እስከ 1 ዓመት ቀላል እስራት ወይም እስከ 3,000 ብር መቀጮ ሊቀጣ ይችላል። ዳኛውም ሌላ መዝገብ ሳያስከፍት እዚያው መወሰን ይችላል። ችሎት ውስጥ ስልኩ የጮኸበት ሰው ሲቆጡት፣ የተሳደበው ደግሞ ወዲያው ፖሊስ ይዞት ሲወጣ ያያችሁ የዚህን ነገር አንድ ገጽታ አይታችኋል።

ሰው ችሎት መድፈር የሚለው ግን ይህን ብቻ አይደለም። የፍርድ ቤት ትእዛዝ አለማክበርንም በዚሁ ስም ይጠራዋል። ግራ መጋባቱ የሚጀምረውም እዚህ ላይ ነው።

ታዲያ የተፈረደበትን ገንዘብ አለመክፈል ችሎት መድፈር ነው?

አለመክፈሉ ብቻውን፣ አይደለም። እትዬ ይህን ስነግራቸው ፊታቸው ጠቆረ። እኔም መጀመሪያ የሰማሁ ጊዜ ፍትሐዊ አልመሰለኝም ነበር። ምክንያቱን ካያችሁት ግን ስሜት ይሰጣል።

ፍርድ ቤት የሚያዘው ነገር በሁለት ይከፈላል። አንደኛው «ይህን አድርግ» ወይም «ይህን አታድርግ» ነው። ቤቱን አትሽጥ፣ ግንባታውን አቁም፣ ሰነዱን አምጣ። ሁለተኛው «ይህን ያህል ብር ክፈል» ነው።

ልዩነቱን በበር ቁልፍ እንየው። የመጀመሪያው ዓይነት ትእዛዝ ቁልፉ አንድ ብቻ እንደሆነ በር ነው። ቁልፉም በሰውየው ኪስ ነው ያለው። እሱ ካልከፈተ ማንም አይከፍተውም፤ ስለዚህ ፍርድ ቤቱ ያለው አማራጭ ሰውየውን ማስገደድ ነው። እግድ የጣሰ ሰው የሚታሰረው ለዚህ ነው። የገንዘብ ፍርድ ግን ሁለተኛ ቁልፍ አለው። እሱም ፍርድ ቤቱ ጋ ነው። ባለዕዳው ባይፈልግም ከባንክ ሂሳቡ ማስወጣት፣ መኪናውን በሐራጅ ማሸጥ፣ ከደሞዙ ማስቆረጥ ይቻላል። ሁለተኛ ቁልፍ በእጅ እያለ ሰውየውን ማሰር ምን ያደርጋል? ሕጉ «መጀመሪያ ወደ ንብረቱ ሂድ» የሚለው ለዚህ ነው።

ይህ ሁለተኛ ቁልፍ ስም አለው። የፍርድ አፈጻጸም ይባላል። የተፈረደለት ሰው «የፍርድ ባለመብት»፣ የተፈረደበት «የፍርድ ባለዕዳ» ይባላሉ። አዲስ ዘመን ጋዜጣ ላይ የሐራጅ ማስታወቂያ አንብባችሁ ከሆነ «በአፈጻጸም ከሳሽ እገሌ እና በአፈጻጸም ተከሳሽ እገሌ መካከል» የሚል ታገኛላችሁ። እሱ ነው።

በዕዳ ሰው አይታሰርም ማለት ነው?

እኛ አገር ድሮ ይታሰር ነበር፤ ያውም ከባለገንዘቡ ጋር። ቁራኛ የሚለው ቃል የመጣው ከዚያ ነው። ባለዕዳና አበዳሪ በሰንሰለት፣ አንዳንዴም የነጠላቸው ጫፍ ተቋጥሮ፣ ዕዳው እስኪከፈል ወይም ዋስ እስኪገኝ አንድ ላይ ይውሉ ነበር። እስቲ አስቡት። አበዳሪውም ሥራ ይፈታል፣ ባለዕዳውም ሠርቶ መክፈል አይችልም። ቃሉ ዛሬም አልጠፋም፤ እስረኛ በቁራኛ ይጠበቃል እንላለን።

እንግሊዞችም ባለዕዳ የሚያጉሩበት እስር ቤት ነበራቸው። በ1869 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ባወጡት የባለዕዳዎች ሕግ ነው በአብዛኛው ያስቀሩት። ኢትዮጵያ ደግሞ በ1985 ዓ.ም. የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ዓለም አቀፍ ቃል ኪዳንን ተቀብላለች። አንቀጽ 11 ማንም ሰው የውል ግዴታውን መፈጸም ስላቃተው ብቻ አይታሰርም ይላል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 9 መሠረት ኢትዮጵያ ያጸደቀችው ስምምነት የአገሪቱ ሕግ አካል ነው።

«ስላቃተው ብቻ» የምትለዋን ሐረግ ያዙልኝ። በኋላ እንመለስባታለን።

በቼክ የታሰረ ሰው አውቃለሁ፤ እሱስ?

እውነት ነው፣ ይታሰራል። ግን የታሰረው በዕዳው አይደለም። ባንክ ውስጥ በቂ ገንዘብ እንደሌለው እያወቀ ቼክ መጻፍ በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 693 ራሱን የቻለ ወንጀል ነው። እስከ 10 ዓመት ጽኑ እስራት ሊያስከትል ይችላል። መርካቶ ውስጥ «በዕዳ ታሰረ» የሚባለው ነጋዴ አብዛኛውን ጊዜ በደረቅ ቼክ የተያዘ ነው። ያን የሚሰማ ሰው ሁሉም ዕዳ ያሳስራል ብሎ ያስባል።

የልጅ ቀለብም እንዲሁ ለብቻው ይታያል። ያለበቂ ምክንያት ቤተሰቡን የማይረዳ ሰው በወንጀል ሊጠየቅ ይችላል። የቀለብ ነገር ልጅ ማደሩን የሚመለከት ስለሆነ ሕጉ ጠበቅ ማድረጉ ተገቢ ይመስለኛል።

ፍርዱ ተሰጠ። ቀጥሎ ማን ነው የሚሮጠው?

እዚህ ላይ ነው እትዬን ያገኘኋቸው። «ፍርድ ቤቱ ይልክልኛል ብዬ ነው ቁጭ ያልኩት» አሉኝ። ሰባት ወር ሙሉ። ይህን ስሰማ ሆዴ ተላወሰ። ማንም አልነገራቸውማ። ዳኛው ፍርዱን አንብበው መዝገቡን ዘግተዋል፣ ጸሐፊዋ ግልባጩን ሰጥታቸዋለች፣ እሳቸውም አልቋል ብለው ወደ ቤት መጡ።

ፍርድ በራሱ እግር አይሄድም። የሚያስኬደው የፍርድ ባለመብቱ ነው። አዲስ መዝገብ ይከፈታል፤ የአፈጻጸም መዝገብ ይባላል። ለዚህ የሚያስፈልገው ማመልከቻና የፍርዱ ግልባጭ ነው። ማመልከቻው ላይ የመጀመሪያው መዝገብ ቁጥር፣ ፍርዱ የተሰጠበት ቀን፣ የተፈረደው ገንዘብ፣ እስካሁን የተከፈለ ካለ እሱ፣ ከዚያም ገንዘቡ ከምን እንዲወሰድላችሁ እንደምትፈልጉ ይጻፋል። የመጨረሻው ነገር ነው ዋናው። ብዙ ሰው «ይከፈለኝ» ብሎ ብቻ ይጽፋል። የትኛው ባንክ፣ የትኛው መኪና፣ የት ያለ ቤት የሚለውን ባስቀመጣችሁ ቁጥር ነገሩ ይፈጥናል።

የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችን የ1958 ዓ.ም. ነው። ብዙ ነገሩ ከህንዱ የ1908 ሕግ የተቀዳ ነው። አፈጻጸምን የሚመለከተው ክፍል ረጅም ነው፤ በተግባር ግን አካሄዱ እንዲህ ነው። ፍርድ ቤቱ መጀመሪያ ባለዕዳውን ይጠራል። «እንደ ፍርዱ ለምን አልፈጸምክም? ቀርበህ አስረዳ» ይለዋል። ሰውየው መጥሪያ ደርሶት ካልመጣ ፖሊስ ይዞ እንዲያቀርበው ሊታዘዝ ይችላል። ከመጣ ይጠየቃል። ምን አለህ? የት ትሠራለህ? የማን ዕዳ አለብህ፣ አንተስ ከማን ትቀበላለህ? የሚከፍልበትን ጊዜ ከነገረና አሳማኝ ከሆነ ተከፋፍሎ እንዲከፈል ሊፈቀድ ይችላል። ካልሆነ ወደ ንብረቱ ይኬዳል።

ንብረት ጋ ሲደረስ ሁለት ቃል ታውቃላችሁ። አንዱ ማስከበር ነው። ንብረቱ እንዳይሸጥ፣ እንዳይለወጥ፣ ባንክ ያለው ገንዘብ እንዳይወጣ ማገድ ማለት ነው። ፍርድ ቤቱ ለባንኩ፣ ለተሽከርካሪ መዝጋቢው፣ ቤት ከሆነ ለይዞታ ጽሕፈት ቤቱ ደብዳቤ ይጽፋል። ሌላው ሐራጅ ነው። የተከበረው ንብረት ይገመታል፣ ማስታወቂያ ይወጣል፣ በጨረታ ይሸጣል። ይህን ሥራ በፌዴራል ፍርድ ቤቶች የሚሠራው የፍርድ አፈጻጸም ዳይሬክቶሬት ነው። ከሽያጩ ዕዳው ይከፈልና የተረፈው ለባለዕዳው ይመለሳል። «ይሄ መኪና የእሱ አይደለም፣ የእኔ ነው» የሚል ሦስተኛ ሰው ካለ ደግሞ መቃወሚያ ማቅረብ ይችላል። ሚስት ወይም ባል በጋራ ንብረት ላይ ያለውን ድርሻ ለማስጠበቅም ይህን በር ይጠቀማል።

እንግዲህ ደብዳቤው ጋ አንድ ነገር ልበል፣ ምክንያቱም ሰው የሚደክመው እዚህ ነው። ደብዳቤ ተጻፈ ማለት ደረሰ ማለት አይደለም። የደረሰበትን ቀን፣ ማን እንደተቀበለው፣ የመዝገብ ቤት ቁጥሩን ያዙ። ባንኩ መልስ ካልሰጠ በቀጠሮው ቀን ለዳኛው ንገሩ። በስልክ ፎቶ ማንሳት ብቻውን በቂ ነው ብላችሁ ወረቀቱን አትጣሉ።

ሠራተኛ ለሆናችሁ ደግሞ ሁለት ደስ የሚል ነገር አለ። ሠራተኛ ለሥራ ክርክር የዳኝነት ክፍያ አይከፍልም። አሠሪው ብዙ ባለገንዘብ ካለበትም በአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ 1156/2011 መሠረት የሠራተኛ ክፍያ ከሌላው ዕዳ ቅድሚያ አለው።

የማይነካ ነገር አለ?

አለ፤ መኖሩም ጥሩ ነው። ባለዕዳም ቤተሰብ አለው። የሚለበስ ልብስ፣ የሚተኛበት አልጋ፣ የሚበስልበት ድስት አይወሰድም። አናጢ ከሆነ መጋዙ፣ ገበሬ ከሆነ በሬው፣ ለቤተሰቡ የሦስት ወር ቀለብ የሚሆነው እህልና ገንዘብ አይነካም። ጡረታም እንዲሁ። ደሞዝ ከሆነ የሚቆረጠው እስከ አንድ ሦስተኛ ነው። 9,000 ብር የሚያገኝ ሰው በወር ቢበዛ 3,000 ይቆረጥበታል፤ 6,000 ይዞ ይገባል። ባለመብቱ ላይ ሊረዝምበት ይችላል። ግን ባለዕዳው ተርቦ ከሥራ ቢቀር ያ 3,000ም ይቀራል።

ታዲያ መቼ ነው መታሰር የሚመጣው?

አሁን ወደዚያች ሐረግ እንመለስ። «ስላቃተው ብቻ» አይታሰርም። አቅም ኖሮት እምቢ ያለውስ?

እሱ ሌላ ነው። የሥነ ሥርዓት ሕጉ መክፈል እየቻለ የማይከፍልን፣ ተጠርቶ የማይቀርብን፣ ንብረቱን የሚደብቅን ባለዕዳ ፍርድ ቤቱ ከ6 ወር ላልበለጠ ጊዜ ሊያሳስረው እንደሚችል ይፈቅዳል። እስሩ ዕዳውን አይሰርዘውም። ታስሮ ወጣ ማለት ከፈለ ማለት አይደለም፤ ንብረት በተገኘ ጊዜ አፈጻጸሙ ይቀጥላል። ዳኛው ይህን ከማዘዙ በፊት የሚፈልገው ማስረጃ ነው። ሰውየው እንዳለው የሚያሳይ ነገር። ለዚህ ነው «ይታሰርልኝ» የሚል ማመልከቻ ብቻውን የማይሄደው። ከፍርዱ በኋላ መኪናውን በወንድሙ ስም እንዳዞረ፣ ሌላ ሱቅ እንደከፈተ፣ ኪራይ እንደሚሰበስብ ካሳያችሁ ግን ነገሩ ሌላ መልክ ይይዛል። ንብረት ማሸሹ ራሱም በወንጀል ሊያስጠይቅ ይችላል።

ከዚህ በተረፈ ትእዛዝ አለማክበር የሚባለው ነገር በአፈጻጸም ወቅት የሚመጣው ብዙ ጊዜ ከባለዕዳው ሳይሆን ከሌላ ሰው ነው። ባንኩ አግድ ተብሎ ካላገደ። የመሥሪያ ቤቱ ሂሳብ ክፍል ከደሞዙ ቁረጥ ተብሎ ካልቆረጠ። የተከበረ ዕቃ ጠብቅ ተብሎ የተሰጠው ሰው ዕቃውን ከሸጠ። እነዚህ «አድርግ» የተባሉትን ያላደረጉ ናቸው፤ ቁልፉ በእነሱ ኪስ ነበር። ፍርድ ቤቱ ኃላፊውን በስሙ ጠርቶ ሊጠይቀው፣ ሊቀጣውም ይችላል። ከአንድ የሂሳብ ሠራተኛ እንደሰማሁት የፍርድ ቤት ደብዳቤ ጠረጴዛው ላይ ካረፈ ሌላውን ሥራ ትቶ እሱን ነው የሚጨርሰው። ትክክል ነው።

ባለዕዳው ድርጅት ከሆነስ?

ንግድ ፈቃዱን እዩ። እዚህ ላይ ትልቅ ልዩነት አለ። ድርጅቱ ኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማኅበር ከሆነ ዕዳው የማኅበሩ ነው። የባለ አክሲዮኑን የግል መኪና መንካት አይቻልም፤ የማኅበሩን ሂሳብ፣ የማኅበሩን ዕቃ፣ ማኅበሩ ከደንበኞቹ የሚቀበለውን ገንዘብ ነው የምትሄዱበት። ሥራ አስኪያጁ የማኅበሩን ዕዳ ስላልከፈለ አይታሰርም። ሰነድ አቅርብ፣ ንብረት አሳይ ተብሎ እምቢ ካለ ግን ያ የራሱ ጥፋት ነው።

ንግዱ በግለሰብ ስም የተመዘገበ ከሆነ ደግሞ በንግዱና በሰውየው ኪስ መካከል ግድግዳ የለም። የምግብ ቤቱ ዕዳ የሰውየው ዕዳ ነው። የእትዬን ግልባጭ ሳነብ መጀመሪያ የፈለግሁት ይህን ነበር። የተከሰሰው በግለሰብ ስም ነው። ይህን ስነግራቸው ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና አሉ። «መኪና አለው እኮ፣ ነጭ ቪትዝ። ታርጋውን አውቀዋለሁ፤ ስምንት ዓመት ጎማው ሥር ሽንኩርት ልጫለሁ» አሉኝ።

«ይግባኝ ብያለሁ» ካለኝስ?

ይህ በጣም የተለመደ ማስፈራሪያ ነው። ይግባኝ ማለት በራሱ አፈጻጸምን አያቆምም። የሚያቆመው ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት አፈጻጸሙ ይታገድ ብሎ በጽሑፍ ሲያዝ ብቻ ነው። ሰበር ችሎትም ቢሄድ እንዲሁ። ስለዚህ እግዱን አሳየኝ በሉት። ወረቀቱ ካለ ትጠብቃላችሁ፤ ከሌለ መዝገባችሁን ታስኬዳላችሁ። በሥራ ክርክር ይግባኝ የሚባለው ደግሞ በ30 ቀን ውስጥ ነው። የእትዬ ፍርድ ሰባት ወር አልፎታል፤ ያ ቀን ካለፈ ቆይቷል።

ህንድ ውስጥ ግን ኃላፊዎች በዚህ ይከሰሳሉ ይባላል

አዎ፣ እንዲህ ዓይነት ዜና ከዚያ ብዙ ይመጣል። ጡረተኛው ውዝፍ ክፍያው እንዲሰጠው ይፈረድለታል፣ መሥሪያ ቤቱ ዝም ይላል፣ ጡረተኛው ኃላፊውን በችሎት መድፈር ይከሳል። ህንድ ለዚህ በ1971 የወጣ የተለየ ሕግ አላት። በሕጉ መሠረት የፍርድ ቤት ትእዛዝን ሆን ብሎ አለማክበር እስከ 6 ወር እስራት ወይም እስከ 2,000 ሩፒ መቀጮ ወይም ሁለቱንም ያስከትላል። ማመልከቻው በ1 ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። እዚያም ቢሆን ዋናው ቃል «ሆን ብሎ» የሚለው ነው። ኃላፊው ብዙ ጊዜ ቀርቦ ይቅርታ ይጠይቃል፣ ክፍያው ይወጣል፣ መዝገቡ ይዘጋል። የህንድ ፍርድ ቤቶችም ችሎት መድፈር የአፈጻጸም ምትክ አይደለም ሲሉ ደጋግመው ተናግረዋል። ቪዲዮ አይታችሁ «እኛም አገር እንዲህ ነው» ብላችሁ ራፖር ጸሐፊ ጋ ከሄዳችሁ ግን ገንዘባችሁን ለማይጠቅም ማመልከቻ ታወጣላችሁ።

ስንት ጊዜ አለኝ?

ፍርዱን ለማስፈጸም 10 ዓመት አላችሁ። ከዚያ በኋላ የሚቀርብ የአፈጻጸም ማመልከቻ ተቀባይነት የለውም። 10 ዓመት ብዙ ይመስላል፤ ባለዕዳው ግን በ10 ወር ውስጥ ሱቁን ዘግቶ ክፍለ ከተማ ሊቀይር ይችላል። ያልከፈለ ሰው ሲቆይ የሚከፍልበት ነገር እያነሰ ነው የሚሄደው።

ገና ያልከሰሳችሁ ከሆነ ግን ሰዓቱ በጣም አጭር ነው። ያልተከፈለ ደሞዝና የትርፍ ሰዓት ጥያቄ በ6 ወር ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል። ከሥራ ስትሰናበቱ የሚገባችሁ ክፍያም እንዲሁ 6 ወር ነው። ወደ ሥራ ልመለስ የሚል ጥያቄ ደግሞ 3 ወር። አሠሪው ውሉ ከተቋረጠ በ7 የሥራ ቀን ውስጥ መክፈል አለበት። ያለምክንያት ካዘገየ ፍርድ ቤቱ እስከ ሦስት ወር ደሞዝ ሊጨምርላችሁ ይችላል። የእትዬ 6,000 ብር ከዚያ የመጣ ነው። ሰውየው ንብረት እያሸሸ ነው የሚል ሥጋት ካላችሁ ደግሞ ክሱን ስታቀርቡ ከፍርድ በፊት ይከበርልኝ ብላችሁ መጠየቅ ትችላላችሁ። ይህን የሚያውቅ ሰው ጥቂት ነው። ብዙ ሰው ከረታ በኋላ ባዶ መጋዘን የሚያገኘው ይህን ባለመጠየቁ ነው።

የሠራተኛ ጉዳይ ላልሆነባችሁ፣ ለምሳሌ ብድር ወይም የዕቃ ዋጋ ከሆነ፣ በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ሕጋዊ ወለዱ በዓመት 9 በመቶ ነው። 100,000 ብር የተፈረደለት ሰው ዓመት ቢጠብቅ 9,000 ይጨመርለታል። አፈጻጸም ስትከፍቱ ፍርዱ ወለድ ጨምሮ እንደሆነ አንብባችሁ ሒሳቡን ራሳችሁ ሥሩት። ማመልከቻው ላይ ካልጠየቃችሁት ማንም አስታውሶ አይጨምርላችሁም።

እትዬን በማግስቱ ጠዋት ልደታ ይዣቸው ሄድኩ። ራፖር ጸሐፊው ወንበሩን አቀረበላቸውና «እናቴ፣ ምን ብዬ ልጻፍ? ይታሰርልኝ ነው ወይስ ይፈጸምልኝ?» አላቸው። ወደ እኔ ዞር ብለው አዩኝ። ከዚያ ፌስታሉን ፈትተው ግልባጩን አወጡና የቪትዟን ታርጋ ቁጥር በቃላቸው አስጻፉት።